ከትምህርት ቤቱ ግቢ ሥር
በ1985 በጋ (ዓመታቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) ቶሮንቶ ውስጥ ሳክቪል መንገድ ላይ ያለ የአንድ አሮጌ ትምህርት ቤት ግቢ ተቆፈረ። ቁፋሮውን የመሩት አርኪዮሎጂስቷ ካሮሊን ስማርድዝ ፍሮስት ስለ ቦታው ከድሮ መዝገብ ያገኙት ጥቂት ነበር፦ ባለቤቱ ቶርንተን ብላክበርን፣ ጥቁር፣ ሥራው ጋሪ ነጂ።

ግቢው ለሕዝብ ክፍት ነበር። ከ3,000 በላይ ተማሪዎችና በጎ ፈቃደኞች ተራ በተራ እየገቡ አፈሩን ጫሩ። ከሥሩ የአንዲት ትንሽ ቤት ቅሪት ወጣ፤ ጋዜጦችም መጡ። ያች ቤት ከባርነት ያመለጡ ሰዎች ቤት ነበረች።

ከዚያ በኋላ ነው ከባዱ ሥራ የጀመረው። ቶርንተንና ሚስቱ ሉሲ ማንበብና መጻፍ አይችሉም ነበር፣ ልጅም አልነበራቸውም። ታዲያ ታሪካቸውን ማን ያስቀምጠው? ያሳደዷቸው ሰዎች! በ1831 ባልና ሚስቱ አሜሪካ ውስጥ ካለችው የኬንታኪዋ ሉዊቪል በእንፋሎት መርከብ ሲያመልጡ፣ ባለቤት ነን ባዮቹ የመርከቡን ባለንብረቶች ከሰሱ። የክሱ ፋይል ተርፎ ለስማርድዝ ፍሮስት ደረሰ። እኔን ከሁሉ የሚደንቀኝ ይሄ ነው፤ ሰውን እንደ ዕቃ ለማስመለስ የተጻፈ ወረቀት የዚያኑ ሰው ስም ጠብቆ አቆየ።

በ1833 ባልና ሚስቱ በአሜሪካዋ ድንበር ከተማ ዲትሮይት ተይዘው ታሰሩ። ሉሲን ልትጠይቅ የገባች ሴት ልብሷን ሰጥታት በእስር ቤቱ ቀረች፤ ሉሲ የድንበሩን ወንዝ ተሻግራ ካናዳ ገባች። በማግስቱ የከተማዋ ጥቁሮች ተሰብስበው ቶርንተንን በጉልበት አስለቀቁት፤ እሱም ወደ ካናዳ ተሻገረ። አሜሪካኖች ይመለሱልን ቢሉም የካናዳው አገረ ገዥ አልሰጥም አለ። ያ ውሳኔ ለኋላ ስደተኞች መጠጊያ ሆነ።

ቶሮንቶ ከገቡ በኋላ ቶርንተን አስተናጋጅ ሆኖ ሠራ። በ1837 ግን አራት ሰው የምትይዝ ቀይና ቢጫ የፈረስ ሠረገላ አሠርቶ «ዘ ሲቲ» አላት፤ የከተማዋ የመጀመሪያ ታክሲ ነበረች። ዛሬ ቶሮንቶ ውስጥ መሪ ጨብጠው የሚያድሩ ወገኖቻችን ይህን ሰው ቢያውቁት ደስ ይለኛል።

ስማርድዝ ፍሮስት ፍለጋውን ሃያ ዓመት ያህል ገፉበት። በ2007 ለማንኛውም አንባቢ እንዲሆን አድርገው የጻፉት መጽሐፍ ወጣ፤ በዚያው ዓመት የካናዳ ጠቅላይ ገዥ የሥነ ጽሑፍ ሽልማትን አገኘ። ከሱ ቀደም ብሎ፣ በ2002፣ በቶሮንቶና በሉዊቪል ለባልና ሚስቱ የመታሰቢያ ሰሌዳ ቆሞላቸዋል።