በዛብህ

ማንኩሳ ከፍኖተ ሰላም ወደ ቡሬ በሚወስደው መንገድ ላይ የምትገኝ ትንሽ ከተማ ናት። ልቦለድ የሚወድ አማርኛ አንባቢ ግን ሳይረግጣት ያውቃታል። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ዋና ገጸ ባሕርይ በዛብህ የማንኩሳ ልጅ ነው። መጽሐፉን ያነበበ፣ ወይም ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው የሰማ ሰው፣ በዛብህ ሲባል ወዲያው ያ ወላጆቹ ለእግዚአብሔር የተሳሉት፣ ዲማ ላይ የፊታውራሪ መሸሻን ልጅ ሰብለ ወንጌልን ሊያስተምር ገብቶ ልቡ እዚያው የቀረ የቤተ ክህነት ተማሪ ይመጣበታል።

ስሙ ግን ልቦለዱ የፈጠረው አይደለም። የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ልጅ ራስ በዛብህ ይባሉ ነበር። በገበሬውም ቤት፣ በቄሱም ቤት ይወጣ የነበረ ስም ነው። ዛሬ ከአዲስ አበባ መዋዕለ ሕፃናት ይልቅ በጎጃሟ ዱርቤቴ ከተማ የገበያ ቀን፣ በዕድሜ ከገፉ ሰዎች መካከል ቢፈልጉት ሳይቀል አይቀርም።

በዛብህ አንድ ቃል ይምሰል እንጂ ሙሉ ንግግር ነው። ግሥ አለው፣ የሚነገረው ሰው አለው፣ የሚናገረውም አለ። «በዛ» ካለ በኋላ «ብህ» ብሎ አንድን ወንድ ፊት ለፊት ያናግራል። ያቺ «ብ» ቀላል አይደለችም። ዘርቶ ሰማይ ሰማይ ሲያይ የከረመ የአቸፈር ገበሬ «ዘነበልኝ» ይላል፤ አውድማ ላይ ጤፉን አስጥቶ ዶፍ የወረደበት ደግሞ «ዘነበብኝ»። ስለዚህ በዛብህ ያለ ወላጅ በልጁ ላይ አንድ ነገር መጠራቀሙን እየነገረው ይመስላል፦ መከራ፣ ጠላት፣ ዓይን። ነገር ግን «ብ» ምክንያትንና መሣሪያንም ታመለክታለች፤ «የጻፍኩበት እርሳስ» እንደምንለው። እንዲያ ከሆነ ትርጉሙ ይገለበጣል፦ በአንተ ምክንያት ቤታችን በዛ፣ ዘመድ በረከተ። የበዛው ምን እንደሆነ ስሙ ራሱ አይናገርም። ባለቤቱ የጎደለ ዓረፍተ ነገር ነው፤ የጎደለውን የሚሞላው ስሙን ያወጣው ሰው ብቻ ነው።

የጎጃም ስሞች ብዙዎቹ እንዲህ ናቸው። አንተነህ፣ ጌታነህ፣ ዓለምነህ ሕፃኑን «አንተ» ብለው ያናግራሉ። አንለይና አንሙት እናትና ልጅ በአንድ አፍ የሚናገሩት ልመና ናቸው። ብዙአየሁ የሚናገረው ደግሞ ስለ ልጁ ሳይሆን ስለ ወላጁ ነው፤ ብዙ ያየው ሕፃኑ አይደለማ! በዚህ አገር ስም የልጁ መለያ ከመሆኑ በፊት የወላጆቹ የዚያ ዓመት ወሬ ነው የምለው ለዚህ ነው።

ወሬው ታዲያ ሁልጊዜ ደስ የሚል አልነበረም። ምትኩ የተባለ ልጅ ከእርሱ በፊት የሞተ ሰው መኖሩን ስሙ ያሳብቅበታል። ካሳም እንደዚያው፤ የልቦለዱ ጉዱ ካሳ እንኳ «ጉዱ» ሰዎች የለጠፉበት ቅጽል ይሁን እንጂ «ካሳ» የተወለደበት ስሙ ነው። ማስረሻ ሐዘንን እንዲያስረሳ የተላከ ነው። እነዚህ ስሞች የበዙት ሞት ስለበዛ ነበር። በ1992 ዓ.ም. በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት፣ በኢትዮጵያ በሕይወት ከተወለዱ 1000 ሕፃናት 166ቱ አምስት ዓመት ሳይሞላቸው ይሞቱ ነበር። በ2008ቱ ጥናት ቁጥሩ ወደ 67 ወርዷል። አሁንም ብዙ ነው፤ ያም ሆኖ ምትኩና ካሳ የሚያስብል ሐዘን የገባበት ቤት ቁጥር ቀንሷል፤ ለስሞቹ መሳሳት አንዱ ምክንያትም ይህ ይመስለኛል።

እስካሁን ያየነው የስሙን ግማሽ ነው። የአማርኛ ስም ያለ አባቱ አይነበብም፤ ጨዋታውም ያለው እዚያ ነው። የበዛብህን ወላጆች ስም ሐዲስ ዓለማየሁ እንዴት እንዳወጡት ልብ ይሏል፦ አባቱ ቦጋለ መብራቱ፣ እናቱ ውድነሽ በጣሙ። የመጀመሪያው መብራቱ ቦግ ማለቱን ያበስራል፤ ሁለተኛዋን «በጣም ውድ ነሽ» ለማለት አንድ ፊደል ነው የቀረው። ደራሲው ይህን ከሩቅ አላመጡትም፤ የራሳቸው ስም «አዲስ ዓለም አየሁ» ብሎ የሚነበብ ነው። ካህኑ ዓለማየሁ ለልጃቸው ሐዲስ የሚለውን ሲመርጡ ከራሳቸው ስም ጋር መግጠሙ አምልጧቸዋል ብሎ የሚያምን ካለ፣ የጎጃምን ካህን አያውቅም።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን የምሥራቁ ጎጃም አርበኛ የደጃዝማች በላይ ዘለቀ ስም ነው። አባታቸው ዘለቀ፣ አያታቸው ላቀው። በላይ፣ ዘለቀ፣ ላቀው፦ ሦስት ትውልድ ተራ በተራ ወደ ላይ ሲወጣ። በጠላት ዘመን ለጓዶቻቸው ማዕረግ ሲያድሉ፣ «ለራስዎስ?» ቢባሉ፣ እናታቸው በላይ ብላ ስለሾመቻቸው ከዚያ ወዲያ ሹመት እንደማያሻቸው መለሱ ይባላል። በ1937 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ በስቅላት ሲቀጡ መንግሥት የሰጣቸው ማዕረግም ነበራቸው፤ ሕዝቡ አፍ ላይ የቀረው ግን የእናታቸው ሹመት ነው።

ነገሥታቱ በዚህ ረገድ ከገበሬው ይለዩ ነበር። ዘውድ ሲጭኑ የወላጆቻቸውን ዓረፍተ ነገር ይተዉት ነበር። አዳል ተሰማ በጥር 1873 ዓ.ም. በዐፄ ዮሐንስ 4ኛ እጅ የጎጃም ንጉሥ ሲሆኑ ተክለ ሃይማኖት ተባሉ። ከተሞችም አይቀርላቸውም፤ ፍኖተ ሰላም ቀድሞ ወጀት ነበረች፣ አዲሱን ስም ያወጡላት ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ናቸው። የዱርቤቴ ስም ደግሞ ለሰሚው እንደ ሰው ስም ሙሉ ንግግር ነው። ለነፃነት የሸፈተን ሰው «ዱር ቤቴ አለ» እንለው የለ?

ተራው ሰው ስሙን ሳይለውጥ ሌላ ስም ይደርባል። ወንዱ በ40 ቀኑ፣ ሴቷ በ80 ቀኗ ክርስትና ሲነሡ ወልደ፣ ኃይለ፣ ወለተ ብሎ የሚጀምር ስም ከካህኑ ይቀበላሉ። ቅዳሴና ፍትሐት የሚያውቀው ይህንን ነው። በዛብህ የዓለም ስም ነው፤ ገበያው፣ እድሩና ቀበሌው የሚጠሩት።

ቀበሌው ስል ሕጉ ትዝ አለኝ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ እያንዳንዱ ሰው የቤተሰብ ስም እንዲኖረው ደንግጎ ነበር። የቤተሰብ ስም የተባለው እንደ አውሮፓ ከትውልድ ትውልድ የሚወርድ ነው። ሕዝቡ ግን አልተቀበለውም። በነሐሴ 2008 ዓ.ም. በአገር ደረጃ በተጀመረው የወሳኝ ኩነት ምዝገባም የሚሞላው ስም፣ የአባት ስም፣ የአያት ስም ነው። አስተውለን ካየነው ሕዝቡ ልክ ነበር፤ የማይለወጥ የቤተሰብ ስም ቢገባ ኖሮ ይህ ሁሉ ገጠማ በአንድ ትውልድ ያበቃ ነበር። ባሕር ማዶ የተሻገሩት ላይ የደረሰው ይኸው ነው። የአንዱ አያት ስም በፓስፖርት ላይ ይደርቅና የልጅ ልጆቹ ሁሉ፣ ሴቱም ወንዱም፣ «በዛብህ» ሆነው ይቀራሉ። ያኔ ለማን እንደተነገረ የሚያውቅ አይኖርም።

እንግሊዞች የስማቸውን ትርጉም መስማት ካቆሙ ብዙ ዘመን ሆናቸው። ኤድዊን የሚለውን ስም እንውሰድ። በጥንቱ እንግሊዝኛ «ሀብት» እና «ወዳጅ» ከሚሉ ሁለት ቃላት የተሠራ ነው፤ በ627 እ.ኤ.አ. የተጠመቀው የኖርተምብሪያ ንጉሥ ይጠራበት ነበር። ዛሬ ኤድዊን ብላ ልጇን የምትጣራ እናት ግን ሀብትም ወዳጅም አይሰማትም፤ ትርጉሙን ብትሻ መዝገበ ቃላት መግለጥ አለባት። በዛብህን ለመረዳት የዱርቤቴ እረኛ ምንም መግለጥ አያስፈልገውም።

በዛብህ የተባለ ሰው ራሱ አባት ሲሆን ደግሞ ነገሩ ይጣፍጣል። ያ ባለቤቱ የጎደለ ዓረፍተ ነገር በልጁ ስም ይሞላል። ደስታ በዛብህ። ሲሳይ በዛብህ። ጸጋ በዛብህ። አያትየው በልባቸው ይዘውት የቀሩትን ምላሽ ልጅየው በምርጫው ይሰጣል፤ መከራ አስበው ከነበረም በደስታ ያርመዋል። እንዲህ ያለ ዕድል የሚሰጡ የአባት ስሞች ጥቂት ናቸውና ባያባክኑት ደግ ነበር። አሁን አሁን ግን ከተሜው ልጁን ናሆም ማለት ይወዳል። ስሙ የነቢይ ነው፣ አይነቀፍም። ብቻ መምህሩ «ናሆም በዛብህ» ብሎ ሲጠራ፣ ክፍሉ ውስጥ ሌሎች ሦስት ናሆሞች ካሉ ተማሪው መሳቁ አይቀርም፤ ዓረፍተ ነገሩ እንከን የለውም።