ሩጫን ያስተማረ፣ ዕረፍትንም ያዘዘ

በምዕራብ አሜሪካ፣ ዩጂን በምትባል ከተማ የሚገኘው የኦሪገን ዩኒቨርሲቲ፣ ከ1948 እስከ 1972 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) የአትሌቲክስ ቡድኑን በአደራ ያስረከበው ቢል ባወርማን ለተባለ ሰው ነበር፤ ይህም ሰው ቡድኑን 4 ጊዜ የመላው አሜሪካ ዩኒቨርሲቲዎች አሸናፊ ያደረገ፣ 31 ደቀ መዛሙርቱን ለኦሊምፒክ ያበቃ፣ 16 ሯጮቹም አንድ ማይል ከ4 ደቂቃ በታች ሲገቡ በዐይኑ ያየ ሲሆን፣ እርሱ ራሱ ግን ወደዚያ ትምህርት ቤት በተማሪነት የገባው ሯጭ እሆናለሁ ብሎ አልነበረም።

በ1911 ፖርትላንድ ተወልዶ፣ ፎሲል በምትባል ትንሽ የገጠር መንደር፣ ቀጥሎም በሜድፎርድ ያደገው ባወርማን፣ በወጣትነቱ ልቡን የሰጠው አሜሪካውያን ፉትቦል ለሚሉት፣ ሞላላ ኳስ በእጅ ይዘው ለሚገፋፉበት ጨዋታ ነበረ፤ በዩኒቨርሲቲም ከዚሁ ጋር ቅርጫት ኳስ ሲጫወት ሳለ፣ ቢል ሃይወርድ የተባለው አንጋፋ አሠልጣኝ ወደ ሩጫው ጠርቶ፣ የእግሩን አጣጣልና የክንዱን አወዛወዝ አርሞ፣ የ440 ያርድ ሯጭ አደረገው። እኔ እንደሚመስለኝ የኋላ ትምህርቱ ሁሉ መሠረት ይህ ነው፤ ሩጫን በተፈጥሮ ጸጋ ሳይሆን በመምህር ቃል የተቀበለ ሰው፣ ፍጥነት ሊማሩት የሚቻል ነገር መሆኑን በገዛ ሥጋው አውቆታልና።

ከዚያ በኋላ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት እያስተማረ ፉትቦል አሠለጠነ፤ ሁለተኛው የዓለም ጦርነትም ሲመጣ ከአሜሪካ የተራራ ተዋጊ ክፍለ ጦር ጋር ኢጣልያ ዘምቶ፣ የብር ኮከብ የተባለውን የጀግንነት ሜዳይ ተሸልሞ ተመለሰ፤ የሃይወርድንም ወንበር ወረሰ።

በዚያ ዘመን አሠልጣኞች ከሞላ ጎደል የሚሰብኩት፣ ብዙ የሮጠ ብዙ ይጠነክራል የሚለውን ነበር። ባወርማን ግን ተማሪዎቹን አንድ በአንድ ሲመረምር፣ ጡንቻ በከባድ ልምምድ እንደሚጎዳ፣ የሚጠገነውና ከቀድሞው በልጦ የሚበረታው ግን ባረፈበት ሰዓት መሆኑን ስላስተዋለ፣ ከአንድ ብርቱ ቀን በኋላ አንድ ወይም ሁለት ቀላል ቀን የሚከተልበትን ሥርዓት አቆመ፤ የቀኖቹንም ልክ ለእያንዳንዱ ሰው ለየብቻ ሰፈረ። ኬኒ ሙር የተባለው ተማሪ በሩጫ ብዛት ሲዳከም አይቶ፣ አንገቱን በሁለት እጁ ይዞ፣ ለ3 ሳምንት በቀን ከ3 ማይል እንዳያልፍ አስጠነቀቀው፤ ወጣቱም እያጉረመረመ ታዝዞ ቢቆይ፣ በጊዜው ፍጻሜ በ2 ማይል ውድድር የራሱን ሰዓት ከ20 ሰከንድ በላይ አሻሻለ። ዛሬ በየትኛውም አገር ያለ አሠልጣኝ ለሯጩ የዕረፍት ቀን ሲሰጥ፣ ስሙን ባያውቀውም እንኳ ከባወርማን ትምህርት ተካፍሏል።

ሁሉ ነገሩ ግን የሚመሰገን አልነበረም። በእንፋሎት መታጠቢያ ቤት ውስጥ የጋለ ቁልፍ በአዳዲስ ተማሪዎች ጭን ላይ እየለጠፈ የሚስቅ ሰው ነበር፤ ደቀ መዛሙርቱ ይህን እንደ ማዕረግ ምልክት ቢያወሩትም፣ የኔታ በአለንጋ ሲገሥጹ ቢያንስ ምክንያቱ ይታወቅ ነበር፤ የዚህ ግን ምክንያቱ ምን እንደሆነ እስካሁን አልገባኝም።

አሁን ወደ ጫማ ሥራው ልለፍ። አንድ ማይል የሚሮጥ ረጅም ሰው 880 ያህል እርምጃ ይራመዳልና፣ ከእያንዳንዱ ጫማ 28 ግራም ቢቀነስለት፣ በማይሉ ፍጻሜ ከ24 ኪሎ የማያንስ ሸክም ሳያነሣ ቀረ ማለት ነው። ይህን ስሌት የያዘው ባወርማን ጫማ እየቀደደና እየሰፋ ለተማሪዎቹ ሲያስለካ ኖሮ፣ በ1964 ከቀድሞ ተማሪው ከፊል ናይት ጋር 500፣ 500 ዶላር አዋጥተው፣ በኋላ ናይኪ የተባለውን ኩባንያ መሠረቱ። በ1971ም፣ ባለቤቱ ዋፍል የሚባለውን ባለ ጉድጓድ ቂጣ የምትጋግርበትን ብረት አንሥቶ፣ የቀለጠ ላስቲክ ቢያፈስበት ብረቱ ተጣብቆ ቀረ፤ ቅርጹ ግን መሬትን ቆንጥጦ የሚይዝ ቀላል ሶል አስገኘ። በዚህ ሥራ ለዓመታት የተነፈሰው የማጣበቂያ መርዝ የእግሩን ነርቭና ስሜት ጎድቶት፣ ለሌላው በሠራው ጫማ እርሱ መሮጥ እስኪሳነው ደረሰ።

በ1962 ወደ ኒው ዚላንድ ተጉዞ፣ አርተር ሊድያርድ ከተባለው አሠልጣኝ ጋር ሶምሶማ ሲወጣ፣ በዕድሜ እጅግ የሚበልጡት አንድ ሽማግሌ እየመሩት እርሱ ወደ ኋላ ስለቀረ፣ ያየውን የሶምሶማ ልማድ ወደ ዩጂን ይዞ ገባ፤ በ1967 ከአንድ የልብ ሐኪም ጋር የጻፈው የሶምሶማ መጽሐፍም ተራው አሜሪካዊ በየመንገዱ እንዲሮጥ አደረገ።

በ1972 በሙኒክ የአሜሪካ አትሌቲክስ ቡድን ዋና አሠልጣኝ ሆኖ ሳለ፣ በመስከረም 5 ሌሊት የእስራኤል ቡድን በታጣቂዎች ሲወረር፣ ያመለጠ አንድ እስራኤላዊ የእርምጃ ተወዳዳሪ ወደ እርሱ በር መጣ፤ ባወርማንም አስገብቶት፣ ቡድኑን የሚጠብቁ የአሜሪካ ወታደሮች እንዲላኩለት ስልክ ደወለ። ከ5 ቀን በኋላ በተደረገው ማራቶን፣ ከ4 ዓመት በፊት በሜክሲኮ ወርቅ ያገኙት ሻምበል ማሞ ወልዴ የነሐስ ሜዳይ ሲወስዱ፣ ከእርሳቸው 31 ሰከንድ ዘግይቶ 4ኛ የገባው ያ በዕረፍት ትእዛዝ ያጉረመረመው ኬኒ ሙር ነበር።

ባወርማን በ1999 በፈረንጆቹ የገና ዋዜማ በፎሲል ዐረፈ። ሙር ደግሞ ጸሐፊ ሆኖ፣ ሻምበል ማሞ ከቀይ ሽብር ጋር በተያያዘ ክስ ለ9 ዓመት ያህል በአዲስ አበባ ታስረው በቆዩበት ዘመን፣ ፍርድ ሳያገኙ መሰንበታቸውን ለዓለም አሳወቀ፤ እርሳቸውም በ2002 ተፈትተው ከጥቂት ወራት በኋላ ዐረፉ። ሜዳይ የነጠቁትን ሰው በብዕሩ የተከራከረላቸው ይኸው ደቀ መዝሙር፣ የመምህሩን ሙሉ ታሪክ በ2006 በመጽሐፍ አሳትሟል።