ከሻወሩ ጀርባ ያለው ቀዝቃዛ ግድግዳ

በስቶክሆልም፣ በበረዶው ወራት፣ የውጭው አየር ብዙ ጊዜ ከዜሮ ዲግሪ በታች ይወርዳል። በዚያው ሰዓት በአንድ ቤት ግድግዳ ውስጠኛ ገጽ ላይ የሻወር ውኃ 40 ዲግሪ ገደማ ሞቆ ይፈሳል። ሙቀቱንና ብርዱን የሚለያያቸው ከአንድ ክንድ የማይበልጥ ውፍረት ያለው ግድግዳ ነው። የቤቱ ጤንነትም የሚወሰነው በዚህች ጠባብ ስፍራ ውስጥ በሚሆነው ነገር ነው።

ጉዳዩ በቀላል የፊዚክስ ሕግ ይገለጻል። 20 ዲግሪ የሞቀ አንድ ሜትር ኩብ አየር እስከ 17 ግራም የሚደርስ የውኃ ተን ሊይዝ ይችላል፤ ዜሮ ዲግሪ ሲደርስ ግን ከ5 ግራም ያልበለጠ ብቻ ይይዛል። ስለዚህ እርጥበት የተሸከመ የመታጠቢያ ቤት አየር በስንጥቅ ሾልኮ ቀዝቃዛው የግድግዳ ክፍል ሲደርስ፣ ትርፉ ተን ጤዛ ሆኖ ይቀራል። እንጨቱ ይርሳል፣ ሻጋታ ይበቅላል፣ የሙቀት መከላከያውም አቅሙን ያጣል።

በከተማዋ ዳርቻ የሚገኙት ሪንከቢና ቴንስታ የተገነቡት፣ ከ1965 እስከ 1974 እ.ኤ.አ. አንድ ሚሊዮን ገደማ መኖሪያዎች በተሠሩበት መርሐ ግብር ዘመን ነው። በእነዚህን መሰል ሕንፃዎች ውስጥ መታጠቢያ ቤቱ አብዛኛውን ጊዜ መስኮት አልባ ሆኖ በመኖሪያው መካከል ስለሚገኝ፣ ችግሩ ብዙም አይታይም። አደጋው የሚጎላው መታጠቢያ ቤቱ ከውጭ ግድግዳ ጋር በሚገናኝባቸው፣ በተለይም ከእንጨት በተሠሩ ቤቶች ውስጥ ነው።

ብዙዎች ሴራሚክ ውኃ የማያሳልፍ ይመስላቸዋል። ሆኖም በሴራሚኮቹ መጋጠሚያ በኩል ውኃ ይሰርጋል። ውኃውን የሚያግደው ከሴራሚኩ ሥር የሚደረገው ሽፋን ነው። በስዊድን ቤቶች የውጭ ግድግዳ ውስጥ ደግሞ ተን የሚያግድ ቀጭን ፕላስቲክ ብዙ ጊዜ ቀድሞ ይገኛል። ሁለቱ ሽፋኖች በመካከላቸው ጂፕሰም ቦርድን የመሰለ እርጥበት የማይችል ነገር ሲይዙ፣ በትንሽ ቀዳዳ የገባ እርጥበት መውጫ ያጣል። የአገሪቱ የግንባታ ተቆጣጣሪ ቦቨርኬት በመመሪያው ስለ ሁለት ማገጃ ሽፋኖች በተለይ ያስጠነቀቀው ለዚህ ነው።

ገንዳ በሚተከልበት ጊዜ የሚፈጸም ሌላም ስሕተት አለ። ገንዳው ከተቀመጠ በኋላ ከጀርባው ያለው ግድግዳ እጅ አይደርስበትም። በመሆኑም የሙቀት መከላከያው ክፍተት ሳይተው መሞላቱ፣ የፕላስቲኩ መጋጠሚያዎችና ቧንቧዎች የሚያልፉባቸው ቀዳዳዎች መደፈናቸው አስቀድሞ መረጋገጥ አለበት። ሽፋን የሌለው መከላከያ ብርዱን ቢቀንስም፣ በውስጡ የሚነፍሰውን አየር አያቆምም። የውኃ ቧንቧም በውጭ ግድግዳ ውስጥ ባያልፍ ይመረጣል፤ በረዶ ሆኖ ሊፈነዳ ይችላልና።

የአየር መሳቢያው ቀዳዳ መዘጋት የለበትም። መሳቢያው እርጥበቱን ከማስወጣቱም በላይ የቤቱን የአየር ግፊት ዝቅ ስለሚያደርግ፣ እርጥቡ አየር ወደ ግድግዳው የሚገፋበት ኃይል ይቀንሳል።

ስዊድን ውስጥ ቤት የሚገዙ ወይም መታጠቢያ ቤት የሚያሳድሱ ኢትዮጵያውያን ሊጠይቁ የሚገባቸው የሴራሚኩን ውበት ብቻ አይደለም። ሽፋኑን ማን ሠራው? ሥራው የተረጋገጠበት ሰነድ አለ? ከገንዳው ጀርባስ ምን አለ? ጉዳት ሲደርስ የመድን ኩባንያዎች ብዙ ጊዜ ይህንኑ ሰነድ ይጠይቃሉ። በኪራይ ቤት የሚኖር ሰው ደግሞ ግድግዳውን ራሱ ከመንካቱ በፊት ለአከራዩ ማሳወቅ ይጠበቅበታል። የሻጋታ ሽታ ከአፍንጫ በሚደርስበት ጊዜ ጉዳቱ በግድግዳው ውስጥ ሥር ሰድዶ ሊሆን ይችላል፤ ሳንባቸው ለአስም የተጋለጠ ልጆች ባሉበት ቤት መዘግየቱ ዋጋ ያስከፍላል።