«ጥቁርና ነጭ ነበር» ለሚሉ

ትናንት ወደ ሥራ ክፍሌ የመጣውን ቅጂ ባየሁ ጊዜ ያደረብኝ ቁጣ ገና ስላልበረደ፣ የዚህ ቻናል ተከታታዮች የጽሑፌን መፋጠን ይቅር ትሉልኝ ዘንድ እለምናለሁ። አንድ ተቋም ለሕፃናት ሊያሳየው ያሰናዳው የጀርመናዊቷ የጥላ አኒሜሽን ሠዓሊ የወይዘሮ ሎተ ራይኒገር «የልዑል አሕመድ ጀብዱዎች» የተሰኘ ፊልም፣ ቀለሙ ፈጽሞ ተገፎ፣ ሙዚቃው በሌላ ተተክቶ፣ በማስታወቂያውም ላይ «ከዲዝኒ በፊት የተሠራ ጥቁርና ነጭ ሙከራ» ተብሎ ነበር።

1ኛ. ሙከራ አይደለም። የዲዝኒ «ስኖው ኋይት» በ1937 እ.ኤ.አ. ከመታየቱ 11 ዓመት አስቀድሞ በበርሊን ለሕዝብ የቀረበ፣ ከ1 ሰዓት በላይ የሚፈጅ ምሉዕ ድርሰት ነው። አርጀንቲናዊው ኪሪኖ ክሪስቲያኒ በ1917 የሠሩት ረጅም የአኒሜሽን ፊልም ጠፍቷልና፣ ዛሬ በእጃችን ካሉት ረጃጅም የአኒሜሽን ፊልሞች ሁሉ በኵሩ ይህ ነው። «ከዲዝኒ በፊት» መባሉም አይሆንም፤ ዲዝኒ በ1922 በካንሳስ ሲቲ አጭሯን ሲንደሬላ ሲያዘጋጅ፣ ወይዘሮ ሎተም በዚያው ዓመት የራሳቸውን ሲንደሬላ ሠርተዋል፤ በመክፈቻውም ላይ መቀሱ ጥቁሩን ወረቀት እየዞረ ሲቆርጥና ልጅቱ ከወረቀቱ ስትወጣ ይታያል።

2ኛ. ጥቁርና ነጭ አልነበረም። በዚያ ዘመን ቀለም የሚገባው በካሜራ ሳይሆን በፊልም ማጠቢያው ቤት ነበርና፣ ለትዕይንት የሚላከው ቅጂ ክፍል በክፍል፣ ሌሊቱ በሰማያዊ፣ እሳቱ በቀይ፣ ሌላውም እንደየጠባዩ በቀለም ውሃ እየተነከረ ከደረቀ በኋላ እርስ በርሱ ይያያዝ ነበር። ስለዚህ ቅጂውን በኋላ ዘመን በተራ ጥቁርና ነጭ ፊልም የገለበጠ ሁሉ ቀለሙን በገዛ እጁ ጥሎታል፤ እኛም የገልባጩን ስንፍና የሠዓሊዋ ፈቃድ አድርገን ስናስተምር ኖርን። ወይዘሮ ሎተ ከካርቶንና ከስስ የእርሳስ ብረት ቆርጠው መገጣጠሚያውን በሽቦ ያሰሩት ምስል፣ ከበታቹ ብርሃን በሚፈነጥቅ መስታወት ላይ ተጋድሞ የተቀረጸ ጥላ ነው፤ ኀዘኑም ፍርሃቱም የሚነበበው ከጀርባው መጉበጥና ከበስተኋላው ካለው ቀለም ነው። ያንን ግራጫ ማድረግ ከድርሰቱ እኩሌታውን መፋቅ ነው።

ሙዚቃውስ? ቮልፍጋንግ ጼለር ለዚሁ ፊልም ብለው የደረሱት ዜማ እያለ፣ ምንጩ ያልታወቀ የከበሮ ድምፅ መለጠፍ ምን ይባላል! ለአዳራሽ ማስጌጫ ገንዘብ የማይቸግራቸው ተቋማት ለቅጂ ሲሆን ከኢንተርኔት የወረደ ፋይል ያመጣሉ፤ ስጠይቅም «ሕፃናት ልዩነቱን አያውቁም» ተባልሁ። በብሪታንያ የፊልም ተቋም ከተረፈው ባለቀለም ቅጂ ተነሥተው በፍራንክፈርት ያደሱት ባለሙያዎች የደከሙት ለማን ኖሯል? የታደሰው በሕጋዊ መንገድ ይገኛል። የተላከልኝን መልሼ ምክንያቱን በጽሑፍ አስታውቄያለሁ፤ ልጆቻችሁን የምትወስዱ ወላጆችም የትኛው ቅጂ እንደሚታይ አስቀድማችሁ ጠይቁ።