ለይላ፣ ቀይስ እና ያልተሰማው መካሪ

 

ከዶርም ሕይወታችን የማይጠፋ አንድ ትዕይንት አለ። ሌሊት ስድስት ሰዓት ሆኗል። አንዱ ተንጋሎ ስልኩ ላይ አፍጥጧል። ጓደኛው ከላይኛው አልጋ ላይ ሆኖ «ተው፣ ይቅርብህ፤ ቤተሰቧ አይፈቅድም፣ አንተም ገና ሁለተኛ ዓመት ነህ» ይለዋል። እናቱም ነገሩን ሰምታ በስልክ ይህንኑ ብላዋለች። ጠዋት ስንነሳ ልጁ ቴሌግራሙ ላይ አዲስ ስንኝ ለጥፎ እናገኛለን፤ ፍቅርን ሳያውቁ በሚመክሩ ሰዎች ላይ የተጻፈ ምሬት ነው። ወንድማችን ሳያውቀው ከአንድ ሺህ ሦስት መቶ ዓመት በላይ የኖረ የግጥም ወግ እየቀጠለ ነው። ዛሬ ስለዚሁ ወግ ጥቂት ልንጫወት ወደድን።

በጥንቱ የዐረብኛ የፍቅር ግጥም ውስጥ ከሁለቱ ፍቅረኞች ሌላ ሁልጊዜ የማይቀር ሦስተኛ ሰው አለ። «ዓዚል» ይባላል፤ ወቃሽ፣ ተው ባይ እንደማለት ነው። አብዛኛውን ጊዜ ስምም መልክም አይሰጠውም። አንዳንዴ ጓደኛ፣ አንዳንዴ ዘመድ፣ አንዳንዴ የነገዱ ሽማግሌ ይሆናል። ሥራው መምከር ነው፤ የገጣሚው ሥራ ደግሞ አለመስማት። ለምን ይህ ሰው አስፈለገ ብንል፣ ገጣሚው የፍቅሩን ክብደት በኪሎ መዝኖ ሊያሳየን ስለማይችል ነው። ስንት ምክር እንደጣለ ሲነግረን ግን ክብደቱን እናያለን። መካሪው ሚዛን ነው ማለት ነው። ስለዚህ በግጥሙ ውስጥ ሁሌም ይሸነፋል፤ እንዲሸነፍ ነው የተፈጠረው። ይህን ሳናስተውል ግጥም የምናነብ ሰዎች፣ ምክር አለመስማት ራሱ የእውነተኛ ፍቅር ምልክት ይመስለናል።

ይህ የግጥም ዓይነት በተለይ የደመቀው በኡመውያዎች ዘመን ነው። በሒጃዝ ይኖር ከነበረው የበኑ ዑዝራ ነገድ ስም ተወስዶ «ዑዝሪይ ፍቅር» ይባላል፤ ንጹሕ፣ ነገር ግን ያልሰመረ ፍቅር። የዚሁ ነገድ ልጅ ጀሚል ስለ ቡሠይና ገጥሟል። ከሁሉም በላይ ዝናው የተሰማው ግን የበኑ ዓሚሩ ቀይስ ኢብኑል ሙለወሕ ነው፤ እኛ «መጅኑን» እያልን የምናውቀው። (በነገራችን ላይ ከጥንቶቹ ዘጋቢዎች መካከል እንዲህ ያለ ሰው በእርግጥ መኖሩን የተጠራጠሩ ነበሩ። ታሪኩን የምናነሳው ሰዎች ለዘመናት ሲማሩበት ስለኖሩ ነው።)

እንደሚተረከው ቀይስና ለይላ በልጅነታቸው አብረው ከብት ይጠብቁ ነበር። ለይላ ስታድግ ከቤት እንዳትወጣ ተደረገች፤ ቀይስም መግጠም ጀመረ። ወላጆቹ ሊያጩለት ቢሞክሩም የለይላ አባት እምቢ አለ። ብዙዎቻችን የእምቢታው ምክንያት ድህነት ይመስለን ይሆናል፤ አይደለም። ምክንያቱ ግጥሙ ራሱ ነበር። በዐረቦች ልማድ አንድ ወንድ ስሟን እየጠራ በአደባባይ የገጠመላት ልጅ ለእርሱ አትዳርም፤ ብትዳር «ድሮም በመካከላቸው ነገር ነበረ» ይባላልና። ቀይስ ፍቅሩን ለዓለም ባሰማ ቁጥር የለይላን በር በገዛ እጁ እየዘጋ ነበር። ዛሬ ይህን ሥራ የሚሠራው ስክሪንሾት ነው።

ለይላ ለሌላ ሰው ተዳረች። የቀይስ አባት ልጁን ወደ መካ ወስዶ የካዕባን መሸፈኛ ይዞ ከዚህ ፍቅር እንዲፈወስ ዱዓ እንዲያደርግ መከረው። ልጁ ግን የለመነው ፍቅሩ እንዲጨመርለት ነበር። ከዚያ በኋላ በረሃ ገብቶ ከአራዊት ጋር ኖረ ይላሉ። ኒዛሚ የተባለው የገንጃው ባለቅኔ እ.ኤ.አ. በ1188 ታሪኩን በፋርስኛ ሲጽፈው፣ ልጆቹን ከግጦሽ ሜዳ አንስቶ ትምህርት ቤት ውስጥ አገናኛቸው። የእኛ የካምፓስ ልጆች የእርሱን አተራረክ ቢወዱ አይገርመንም።

እንግዲህ ጥፋተኛው ማነው? ወጣቱ ብቻ ነው ብለን ብንዘጋው ደስ የሚላቸው አባቶች ይኖራሉ። እኛ ግን የለይላን አባት ስናስብ መዕቂል ኢብኑ የሳር (ረ.ዐ) ትዝ ይለናል። ቡኻሪ እንደዘገቡት ይህ ሶሐባ እህቱን ለአንድ ሰው ድሮ ነበር። ሰውየው ፈታት፤ ዒዳዋ ካበቃ በኋላ እንደገና ሊያገባት መጣ። መዕቂል ተቆጣ፤ አክብሬ ብድርልህ ፈተሃት፣ ዳግም አትመለስልህም ብሎ ማለ። ሰውየው ግን ክፉ አልነበረም፤ እህቱም መመለስ ትፈልግ ነበር። ሁለቱ በመልካም ከተስማሙ እንዳይከለከሉ የሚያዘው የሱረቱል በቀራ 232ኛ አንቀጽ ወረደ። መዕቂልም ቁጣውን ዋጥ አድርጎ ዳራት። ወሊይ መሆን በር የመዝጋት ሥልጣን ብቻ የመሰላቸው ዘመዶች ያሉን ልጆች ይህን ታሪክ በአደብ፣ በአማላጅም ቢሆን፣ ማድረስ አይከፋም።

ምክር እንዴት እንደሚሰጥም የጻፈልን ዓሊም አለ። የቆርዶባው ኢብኑ ሐዝም (እ.ኤ.አ. 994–1064) ስለ ፍቅር በጻፈው «ጠውቁል ሐማማ» በተባለው ኪታቡ ለዓዚል አንድ ምዕራፍ ሰጥቶታል። ሁለት ዓይነት ወቃሽ አለ ይላል። አንዱ ከአፍቃሪው ጋር ይሉኝታ የሌለው የቅርብ ጓደኛ ነው፤ ወቀሳው ከብዙ እርዳታ ይበልጣል። ሌላው ሳያቋርጥ የሚገሥጽ ነው፤ ከእርሱ ጋር መኖር ከባድ ሸክም ነው። እንዲያውም መካሪውን መቃወም ጣዕም ሆኖበት፣ ወቀሳ ሲመጣበት ደስ የሚለው ሰው አይቻለሁ ይላል። ዶርም ውስጥ «ተው» እያልን ለሰባተኛ ጊዜ የምንደግም ጓደኞች ይህችን ልብ ብንላት ጥሩ ነው።

ኢብኑ ሐዝም ይህን የጻፈው ከሩቅ ሆኖ አይደለም። ሃያ ዓመት ሳይሞላው ኑዕም የምትባል የሚወዳት ልጅ ሞታበት ሰባት ወር ልብሱን ሳይቀይር እንደቆየ ራሱ ጽፏል። ታላቅ ፈቂህ ለመሆን ይህን መደበቅ አላስፈለገውም። የልብ ዝንባሌ በራሱ ወንጀል እንዳልሆነ አስረድቶ፣ ኪታቡን የሚደመድመው ግን ስለ ወንጀል አስከፊነትና ስለ ጥብቅነት ደረጃ በሚናገሩ ምዕራፎች ነው።

ከሁሉም በላይ ልባችንን የሚነካው የሙጊሥና የበሪራ ሐዲስ ነው፤ ይህንንም ቡኻሪ ከኢብኑ ዐባስ (ረ.ዐ) ዘግበውታል። በሪራ ባሪያ ነበረች፤ ነፃ ስትወጣ ባሪያ ከሆነው ባሏ ከሙጊሥ ጋር የመቆየት ወይም የመለያየት ምርጫ ተሰጣት፤ መለያየትን መረጠች። ሙጊሥም እንባው ጢሙ ላይ እየወረደ በመዲና መንገዶች ከኋላዋ ይከተላት ነበር። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ) እንባውን አልናቁበትም። የእርሱ ፍቅርና የእርሷ ጥላቻ አይገርምህምን ብለው ለአጎታቸው ለዐባስ ነገሯቸው፤ ከዚያም ብትመልሰው ምን አለበት ብለው ለበሪራ አማለዱት። እርሷ ትእዛዝ ነው ወይ ብላ ጠየቀች። ትእዛዝ ሳይሆን ምልጃ ብቻ መሆኑን ነገሯት። እንግዲያውስ አልፈልገውም አለች።

ልብ በሉ፤ እዚህም ምክር አልተሰማም። ከሰው ልጅ ሁሉ በላጭ የሆኑት አማልደው አልሆነም፤ እርሷም በዚህ አልተወቀሰችም። ትእዛዝ ቢሆን ኖሮ ትታዘዝ እንደነበር ግን ጥያቄዋ ራሱ ያሳያል። ታላቅ ሰው ሲያናግረን ይህ ትእዛዝ ነው ወይስ ሐሳብ ብለን በአክብሮት የምንጠይቅ ስንቶቻችን ነን? ስንቶቹስ ታላላቆቻችን ሐሳብ ብቻ ነው ይሉናል? ልቡ ለተሰበረ ወንድማችንም እዚህ ውስጥ አንድ ነገር አለ፤ የእርሱ እንባ የእርሷን ምርጫ አልሰረዘም። እርሷ እምቢ ካለች በኋላ የላይብረሪ በር ላይ መጠበቅ፣ በጓደኞቿ በኩል መላላክ፣ ስንኝ መለጠፍ የሙጊሥን ሐዘን እንጂ የበሪራን መልስ የሰማ ሰው ሥራ አይደለም።

አሁን ወደ ዓዚሉ እንመለስ። በ13ኛው ክፍለ ዘመን በግብፅ የኖሩት ኢማም አልቡሲሪ፣ በሀገራችንም ሲነበብ የኖረውን «ቡርዳ» የጀመሩት በዚሁ ወግ ነው። (በአንዳንድ ስንኞቹ ላይ ዑለማዎች የተወያዩበት ነገር አለ፤ ያ የዛሬ ርእሳችን አይደለም።) መግቢያው ላይ አፍቃሪው ያለቅሳል፣ ፍቅሩን ሊደብቅ ሞክሮ እንባው ያጋልጠዋል፣ በዑዝሪይ ፍቅር ለሚወቅሰው ሰውም መልስ ይሰጣል። እስከዚህ እንደ ቀይስ ነው። ቀጥሎ ግን ፍቅረኛ በግጥም ውስጥ እምብዛም የማይለውን ይላል፤ መካሪው በቅንነት መክሮት እንደነበርና እርሱ ግን ደንቆሮ እንደሆነበት ያምናል። ከሰው ምክር አልፎ የገዛ ሽበቱ ሲመክረው እንኳ እንደተጠራጠረው ይናገራል፤ ሽበት ደግሞ የሚያጭበረብርበት ምክንያት የለውም። ተከታዩ ክፍል ስለ ነፍስ ነው። ለይላም የለችም፣ ወቃሹም የለም፤ ሽማግሌው ብቻውን ቆሞ፣ በወጣትነቱ ጡት ሳያስጥላት ስላሳደጋት ነፍሱ ይናገራል። በሚቀጥለው መውሊድ ቡርዳ ሲነበብ የመሰማት ዕድል ካገኛችሁ፣ ያቺን መሸጋገሪያ ጠብቁ።