የተያዘ መኪና በየትኛው በር ይወጣል?

ቆቦ፦ የራያ ቆላ ማሽላና ጤፍ በሚሰበሰብበት ወቅት የነጋዴው ሐሳብ የእህል ዋጋ ብቻ አይደለም፤ የመኪናም ጉዳይ ነው። ከአዲስ አበባ በደሴና በወልዲያ አድርጎ ወደ መቐለ በሚዘልቀው መንገድ ላይ የተቀመጠችው ይህች ከተማ የምትኖረው በጭነት ነው። አንድ አይሱዙ ኬላ ላይ ተይዞ ሲቆም ባለንብረቱ የባንክ ብድሩን፣ የሾፌሩን ደመወዝና የቀረበትን ጭነት በአንድነት ይቆጥራል።

ብዙ ባለንብረት በዚህ ጊዜ የሚጠይቀው «መኪናዬ መቼ ይለቀቃል?» ብሎ ነው። መቅደም የነበረበት ጥያቄ ግን «መኪናዬን የያዘው ማነው? በየትኛው ሕግ?» የሚለው ነው። የፍርድ ቤቱ በር የሚለየው በዚህ መልስ ነውና።

የመጀመሪያው በር የጉምሩክ ነው። አንድ ነጋዴ ማሽላ ወደ ደሴ ልኮ፣ መኪናው ሲመለስ ከጭነቱ ሥር ልባሽ ጨርቅ ተገኘበት እንበል። ጉዳዩ የሚዳኘው በጉምሩክ አዋጅ ቁጥር 859/2006 እና በማሻሻያው ቁጥር 1160/2011 ነው። በጉምሩክ አስተዳደራዊ ውሳኔ ቅር የተሰኘ ሰው በቅድሚያ አቤቱታውን ለራሱ ለጉምሩክ ያቀርባል፤ ከዚያ ወደ ግብር ይግባኝ ኮሚሽን ይሄዳል፤ ፍርድ ቤት የሚደርሰው ከዚህ በኋላ ነው።

ብዙዎች የሚሰናከሉት እዚህ ላይ ነው። ከኮሚሽኑ በይግባኝ የሚመጣን ጉዳይ ፍርድ ቤቱ የሚያየው በሕግ ጥያቄ ላይ ተወስኖ ነው፤ ማስረጃውን ከሥር ጀምሮ አይመዝንም። ስለዚህ ሊብሬው፣ የኪራይ ውሉ፣ የጭነት ሰነዱና መኪናው የተያዘበት ደረሰኝ መቅረብ ያለባቸው በመጀመሪያው አቤቱታ ላይ ነው። «ለዳኛው አስረዳለሁ» ብሎ ሰነዱን ቤት ያስቀመጠ ሰው ይዘገያል።

ሁለተኛው በር የወንጀል ነው። ዐቃቤ ሕግ ክስ ከመሠረተ መኪናው ኤግዚቢት ይሆናል፤ መመለስ ወይም መወረሱን የሚወስነው ፍርድ ቤት ነው። እዚህ ዳኛው ፍሬ ነገሩን ያያል። ያልተከሰሰ ባለንብረትም ንብረቱ የእኔ ነው፣ ያገባኛል ብሎ ማመልከት ይገባዋል። ክርክሩ የሚዞረው ባለንብረቱ ስለ ዕቃው ያውቅ ነበር ወይ በሚለው ላይ ሲሆን፣ ከሾፌሩ ጋር የተጻፈ ውል ያለው ሰው በቃል ከተስማማው ይሻላል። የቆቦ ሰው አዲስ አበባ ድረስ መሄድ የለበትም፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤትን ሥልጣን የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣ የፌዴራል ከፍተኛውን ደግሞ የክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በውክልና ይሠራሉ።

ሦስተኛው በር የግብር ዕዳ ነው። ግብር ያልከፈለ ሰው መኪናው ሊያዝና በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። በግለሰብ ስም የሚነግድ ሰው ግብር በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 97 የክልል ስለሆነ፣ የሚታየው በክልሉ የግብር ሕግ ነው። በፌዴራሉ የታክስ አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 983/2008 ግን ቅሬታ የሚቀርበው በ21 ቀን፣ ለኮሚሽኑ ይግባኝ የሚባለው በ30 ቀን ውስጥ ነው። በግብር ውሳኔ ላይ ይግባኝ ባይ የተከራከረበትን ግብር 50 በመቶ አስቀድሞ መክፈል አለበት። ከኮሚሽኑ ወደ ፍርድ ቤት የሚወስደውም ጊዜ 30 ቀን ነው።

ከ2012 ዓ.ም. ወዲህ አንድ ተጨማሪ መንገድ አለ። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የፌዴራል መሥሪያ ቤት ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲከለስ ይፈቅዳል። ሆኖም በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያለው የቅሬታ መንገድ መጀመሪያ መጠናቀቅ አለበት።

ባለመኪናው ሊይዘው የሚገባው ሒሳብ እንግዲህ ይህ ነው። መኪናው በተያዘበት ቀን ምክንያቱንና የያዘውን ክፍል በጽሑፍ ይጠይቅ፤ ደብዳቤው የደረሰበትን ቀን ይመዝግብ፤ ቀኑን ይቁጠር። እውነት ይዞ ቀኑ ያለፈበት ሰው የሚያጣውን፣ ሰነዱን በጊዜው ያስገባ ሰው ሊያድነው ይችላል። መኪና በቆመ ቁጥር ጎማው ይደርቃል፤ የባንኩ ወለድ ግን አይቆምም።