ከባላባቱ በኋላ፦ የ«መሬት ላራሹ» ግማሽ ምዕተ ዓመት

በሰሜን ኢትዮጵያ ደጋ ባሏ የሞተባት ገበሬ በስሟ የተመዘገበ መሬት ይኖራታል፤ በሬ ግን ብዙ ጊዜ የላትም። እርፍ መጨበጥም በአገሩ ልማድ የወንድ ሥራ ነው። ስለዚህ ማሳዋን ጥማድ በሬ ላለው ጎረቤት ለእኩል ትሰጣለች። እሱ አርሶ ይዘራል፤ ምርቱን አውድማ ላይ ይካፈላሉ። ከ50 ዓመት በፊት በእንዲህ ዓይነቱ ውል አቅመ ቢሱ አራሹ ነበር። ዛሬ በብዙ ቦታ አቅመ ቢሷ ባለመሬቷ ናት። የ1967ቱ የመሬት አዋጅ የሠራውንና ሳይሠራው የቀረውን ከዚህ ውል መረዳት ይቻላል። አዋጁ ባላባቱን ከገበሬው ጫንቃ አውርዷል። ያለ በሬና ያለ ገንዘብ መሬት ብቻውን እንዴት እንደሚያበላና በመሬት ላይ የመጨረሻውን ቃል የሚናገረው ማን እንደሆነ ግን ለተከታዮቹ ዘመናት የተላለፈ ጥያቄ ሆነ።

ጭሰኛውና ትራክተሩ

በንጉሡ ዘመን አንድ ወጥ የመሬት ሥሪት አልነበረም። በጎጃም፣ በጎንደርና በትግራይ ገበሬው ከአቅኚ አባቱ ዘር ቆጥሮ የሚጠይቀው ርስት ነበረው። ከርስቱ በላይ ደግሞ ግብር የሚበላው ባለጉልት ተቀምጧል። ርስት ገበሬውን ከመነቀል ቢጠብቀውም ዕድሜ ልክ ከማያልቅ ሙግት አላዳነውም። በደቡብ፣ በምሥራቅና በምዕራብ ከዳግማዊ ምኒልክ ዘመቻዎች በኋላ ሰፊ መሬት ለጦር አለቆች፣ ለመኳንንት፣ ለባላባቶችና ለቤተ ክርስቲያን ተከፋፈለ። የቀድሞው ባለቤት ገባር፣ ኋላም ጭሰኛ ሆነ። ጭሰኛው ከምርቱ ሲሶ፣ ሲብስም እኩሌታ ለባለመሬቱ ይሰፍራል። በዚያ ላይ አሥራት አለ፤ የበዓል መማለጃና የጉልበት ሥራም አለ።

በየካቲት 1957 የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «መሬት ላራሹ» እያሉ ወደ ፓርላማ ተመሙ። መንግሥት በ1958 የመሬት ይዞታና አስተዳደር ሚኒስቴር አቋቋመ። የባለመሬቱንና የጭሰኛውን ግንኙነት የሚያስተካክል ረቂቅ ሕግም ቀረበ። ይሁንና ባለመሬቶች ተጽዕኖ በነበራቸው ምክር ቤት ሲንከባለል ቆይቶ ሳይጸድቅ ዘመኑ አለቀ።

የዚያን ጊዜ ትልቁ የገጠር ልማት ሙከራ በአርሲ የተጀመረው ካዱ፣ ማለትም የጭላሎ እርሻ ልማት ድርጅት ነበር። በስዊድን ድጋፍ በ1960 ሥራ ጀምሮ ማዳበሪያ፣ ምርጥ የስንዴ ዘርና ብድር ለአነስተኛ ገበሬዎች አቀረበ። ምርቱ አደገ። እርሻ እንደሚያተርፍ ያዩ ባለመሬቶች ግን ኪራይ ጨመሩ፤ ከፊሎቹም ትራክተር አስገብተው ጭሰኛውን አስለቀቁ። ለጭሰኛው የታሰበ ልማት ጭሰኛውን አፈናቀለ። ከጭላሎ የተገኘው ትምህርት ዛሬም አላረጀም፦ የይዞታ ዋስትና ሳይቀድም የመጣ ቴክኖሎጂ ትርፉ የሚገባው አስቀድሞ ጉልበት ወደነበረው እጅ ነው።

የካቲት 25

በ1965 እና 1966 የወሎ ረኀብ ብዙ ሕዝብ ፈጀ፤ ዙፋኑም ወደቀ። ሥልጣን የያዘው ወታደራዊ ደርግ የካቲት 25 ቀን 1967 የገጠርን መሬት የሕዝብ ሀብት የሚያደርገውን አዋጅ ቁጥር 31 አወጀ። አዋጁ በአፍሪካ ከታዩት የመሬት ለውጦች ሁሉ ሥር ነቀል ከሚባሉት አንዱ ነው። የግል ባለቤትነት ለመሬቱ ካሳ ሳይከፈል ተሻረ፤ ጭሰኛው ከኪራይና ከባለመሬቱ ዕዳ ነጻ ወጣ። አንድ ቤተሰብ ሊይዝ የሚችለው ከ10 ሄክታር፣ ማለትም ከሩብ ጋሻ እንዳይበልጥ ተወሰነ። መሬት መሸጥ፣ ማስያዝና ማከራየት ተከለከለ። በ20 ጋሻ ወይም በ800 ሄክታር አካባቢ የሚቋቋም የገበሬ ማኅበር መሬት እንዲያከፋፍልና ጥቃቅን ክርክሮችን እንዲዳኝ ሥልጣን ተሰጠው። በእድገት በኅብረት ዘመቻ የወጡ ወደ 60 ሺህ የሚጠጉ ተማሪዎችና መምህራን አዋጁን ገበሬው ደጅ አደረሱ።

ለደቡቡ ጭሰኛ ይህ ዳግም ልደት ነበር። ከምርቱ እኩሌታ ወደ ሌላ ሰው ጎተራ መግባቱ በአንድ አዋጅ ቀረ። በሰሜኑ ባለ ርስት ዘንድ ግን ስሜቱ የተደበላለቀ ነበር፤ አባቱ ያወረሰውን መብት መንግሥት መልሶ «ሰጠሁህ» ሲለው ግር ቢለው አይፈረድበትም።

አዲሱ ጌታ

ባላባቱ የለቀቀውን ወንበር መንግሥት ሳይውል ሳያድር ያዘው። የገበሬ ማኅበሩ ገበሬው የመረጠው ሸንጎ መሆኑ ቀርቶ ግብር ሰብሳቢ፣ ኮታ አስከባሪ፣ ለጦር ሜዳም ወጣት መልማይ ሆነ። የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት በወሰነው ርካሽ ዋጋ ገበሬው እህሉን እንዲያስረክብ ተገደደ። ኮታውን ማሟላት ያቃተው ከገበያ በውድ ገዝቶ ያስገባ ነበር። በማዳበሪያና በብድር ለመንግሥት እርሻዎችና መልባ፣ ወልባ እየተባሉ ደረጃ ለወጣላቸው የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት ቅድሚያ ይሰጥ ነበር። በ1977ቱ ረኀብ ማግስት ሠፈራና መንደር ምሥረታ ተከተሉ። መንግሥት በየካቲት 1982 ፖሊሲውን ሲያላላ አባላቱ አብዛኞቹን የኅብረት ሥራ ማኅበራት በወራት ውስጥ በትነው መሬቱን ተከፋፈሉት። ያለ አንዳች ቅስቀሳ የተሰጠ የገበሬ ድምፅ ነበር።

ደርግን የተካው ኢሕአዴግ ገበያውን ነጻ አደረገ፤ ኮታውንም አስቀረ። የመሬትን ባለቤትነት ግን አልለቀቀም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ እንደሆነ፣ እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ ደነገገ። መከራከሪያው ቀላል አልነበረም፦ መሸጥ ቢፈቀድ ገበሬው በክፉ ቀን በርካሽ ሸጦ ከተማ ይፈልሳል። ተቃራኒው ወገን ደግሞ መሬት በሹም እጅ እስካለ ድረስ ገበሬው የሹም ጥገኛ ነው ይላል። በ1989 በአማራ ክልል የተካሄደው የመሬት ሽግሽግ ለሁለቱም ማስረጃ ሰጠ። ሴቶችና መሬት አልባ ወጣቶች መሬት አገኙ። በአንጻሩ በቀደሙት ሥርዓቶች ሹም የነበሩ «ቢሮክራት» እና «ፊውዳል» ተብለው ይዞታቸው ወደ አንድ ሄክታር ተቆረጠ። ያየ ሁሉ አንድ ነገር ተማረ፤ ማሳ በፖለቲካ ስም ሊቀነስ ይችላል።

የደብተሩ ጉልበት

የተሻለው ምዕራፍ የመጣው ብዙም ሳይጮኽለት ነው። ትግራይ በ1990ዎቹ መባቻ የጀመረችውን የይዞታ ማረጋገጫ አማራ፣ ኦሮሚያና ደቡብ ተከተሉ። ኮሚቴው ከጎረቤቶች ጋር ማሳውን ዞሮ በገመድ ይለካል፤ ወሰንተኞች ይመሰክራሉ፤ ገበሬው ደብተር ይቀበላል። ወጪው ለአንድ ማሳ ከአንድ ዶላር ብዙም አይርቅም ነበር። ስቴይን ሆልደንና ባልደረቦቹ በትግራይ ባደረጉት ጥናት ደብተር የያዙ ገበሬዎች በአፈር ጥበቃ ላይ የበለጠ እንደለፉና ምርታቸውም እንደጨመረ አሳይተዋል። በሴት የሚመሩ ቤተሰቦችም መሬታቸውን ይበልጥ ማከራየት ጀመሩ፤ «አራሹ ይዞብኝ ይቀራል» የሚለው ስጋት ቀለል ብሏልና። በአማራ ክልል የባልና የሚስት ፎቶግራፍ በአንድ ደብተር ላይ መለጠፉ በፍቺና በውርስ ክርክር ሴቷ የምታቀርበው ማስረጃ ሰጣት።

ደብተሩ ከጎረቤት ይጠብቃል፤ ከመንግሥት መጠበቁ ግን አጠራጣሪ ነው። ከተማ ሲሰፋ ወይም ባለሀብት ሲመጣ ለገበሬው የሚሰላለት የሰብሉና የንብረቱ ዋጋ እንጂ የመሬቱ አይደለም። ያው መሬት በማግስቱ በሊዝ ጨረታ የሚያወጣውን ያየ ገበሬ መቆጣቱ አይገርምም። አዲስ አበባን ከዙሪያዋ የኦሮሚያ ከተሞች ጋር ለማቀናጀት የወጣው ማስተር ፕላን ከ2006 ጀምሮ ያስነሳው ተቃውሞ ብዙ ሕይወት ቀጥፎ በጥር 2008 ዕቅዱ የተሰረዘው በዚሁ ቁስል ምክንያት ነው።

ተራቸው ያልደረሰ ልጆች

አዋጁ ሲወጣ የአገሪቱ ሕዝብ ከ30 ሚሊዮን ትንሽ ከፍ ያለ ነበር፤ ዛሬ ከ120 ሚሊዮን በላይ ይገመታል። መሬቱ አልጨመረም። የብዙዎች ይዞታ ከአንድ ሄክታር በታች ወርዷል፤ ለልጆች ሲካፈል ደግሞ ጥማድ በሬ የሚዞርበት አይተርፍም። የክልል ሕጎችም ለመንቀሳቀስ አይመቹም። የኦሮሚያ ሕግ ገበሬው ከይዞታው ከግማሽ በላይ እንዳያከራይ ገድቧል፤ በትግራይ ደግሞ ለረጅም ጊዜ ከቀዬው የራቀ ሰው መሬቱን ሊያጣ ይችል ነበር። ስለዚህ ወጣቱ የአባቱን ቁራሽ ይጠብቃል፤ ወይም ባዶ እጁን ከተማ ይገባል፤ ወይም በደላላ ወደ ዓረብ አገር ይሄዳል።

ታይዋን ጉዳዩን በሌላ መንገድ ፈታችው። እ.ኤ.አ. በ1949 የመሬት ኪራይን ከምርቱ 37.5 በመቶ እንዳይበልጥ ገደበች። እ.ኤ.አ. በ1953 ትርፍ መሬት ለአራሾች ስታከፋፍል ለባለመሬቶቹ በቦንድና በመንግሥት ኩባንያዎች አክሲዮን ከፈለች። ለስኬቱ እኩል ያገዘው ደግሞ የገበሬው ልጆች የሚገቡባቸው ፋብሪካዎች መከፈታቸው ነው። እኛ የመጀመሪያውን እርምጃ ከእነሱ በላይ በድፍረት ወሰድን፤ ሁለተኛው ገና አልመጣም።

በ2016 የወጣው አዋጅ ቁጥር 1324 ገበሬው የመጠቀም መብቱን አስይዞ እንዲበደር በር ከፍቷል። ጥሩ ጅምር ነው፤ ብቻውን ግን አይበቃም። መሬት ይሸጥ ወይስ አይሸጥ የሚለው ሙግት ሃምሳ ዓመት ሙሉ ከዚህ የቀረቡ ጥያቄዎችን ጋርዶብናል። ለሚነሣ ገበሬ የሚከፈለው ካሳ መሬቱ ነገ የሚያወጣውን ዋጋ ያገናዝብ። የማስለቀቅ ውሳኔ ከአስለቃሹ አካል ነጻ በሆነ ዳኛ ይታይ። ማሳውን ለዓመታት አከራይቶ ከተማ ሥራ የሚሞክር ወጣት መብቱን አይጣ። ለእነዚህ ሦስቱ ሕገ መንግሥት መለወጥ አያስፈልግም፤ የሚያስፈልገው ሹሙ በገበሬው ማሳ ላይ ያለውን ሥልጣን ለመቀነስ መፍቀዱ ነው።